«አስታወስኩ» እና «ትዝ አለኝ»፦ በሙዚቃና በክዋኔ ማንነትን ስለሚፈትሹ ከያንያን

አማርኛ ያለፈን ነገር ወደ ልብ ለመመለስ ሁለት አነጋገሮች አሉት፤ ሁለቱም በየቀኑ ከአፋችን ስለማይጠፉ ልዩነታቸውን ልብ አንለውም። «አስታወስኩ» ስንል ሥራውን የሠራነው እኛው ነን፤ ቁልፉን የት እንዳስቀመጥን ወይም የጎረቤታችን ልጅ ስሙ ማን እንደሆነ ፈልገን አገኘን ማለት ነው። «ትዝ አለኝ» ስንል ግን አድራጊው ሌላ ነው። ነገሩ ሳይጠራ በራሱ ጊዜ መጣ፤ እኛ የደረሰብን ሰዎች ነን። ታክሲ ውስጥ የተከፈተ አሮጌ ዘፈን የአንድን ክረምት የትምህርት ቤት አጥር፣ ጭቃውንና የእርጥብ ደብተሩን ሽታ ሳይቀር ይዞት ይመጣል፤ ተሳፋሪው ግን አጥሩን ላስታውሰው ብሎ አልተነሣም።

በሙዚቃ፣ በውዝዋዜ፣ በትረካና በምስል እየታገዙ ትዝታንና ማንነትን የሚፈትሹ ከያንያን ሥራ በዚህ ልዩነት ላይ የቆመ ነው። በእንግሊዝኛው አጠራር «ኢንተርዲሲፕሊነሪ አርቲስት» የሚባሉት እነዚህ ሰዎች አንዱን ጥበብ ከሌላው ጋር የሚያጣምሩት መድረኩ እንዲደምቅ ብቻ ከመሰላቸው ሥራቸው ከዝግጅት ማስዋቢያ አያልፍም። ጉዳዩን የያዙት ግን ከአንድ ቀላል እውነት ይነሣሉ፦ ትዝታ በአንድ ቦታ አይቀመጥም። ከፊሉ ጆሮ ውስጥ፣ ከፊሉ ምላስ ላይ፣ ከፊሉ ትከሻ ውስጥ ነው፤ ሌላው ደግሞ ጭራሽ በሌላ ሰው አእምሮ ውስጥ ነው። ስለዚህ በአንድ ጥበብ ብቻ ሊደረስበት አይችልም።

ጆሮን በተመለከተ ከሳይንሱ ወገን ጥሩ ማስረጃ አለ። በካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ዴቪስ የሚሠራው ተመራማሪ ፔትር ጃናታ እ.ኤ.አ. በ2009 ባሳተመው ጥናት (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው)፣ 13 ተማሪዎች አእምሯቸው በመሣሪያ እየታየ ከ8 እስከ 18 ዓመት በነበሩበት ጊዜ ከታወቁ ዘፈኖች የተቆረጡ አጫጭር ቅንጣቢዎችን እንዲያዳምጡ አድርጎ ነበር። ዘፈኑ የግል ትዝታ ሲቀሰቅስባቸው ከግንባር ኋላ ያለው የአእምሮ ክፍል ይበልጥ ይነቃ ነበር፤ ይኸው ክፍል የሙዚቃውን የድምፅ አሰላለፍ መለዋወጥም ይከተል ነበር። ሙዚቃው መንገዱን ጠርጎለት ትዝታው በዚያው ይገባል ብንለው ከእውነቱ አንርቅም። የአልዛይመር ሕሙማን የልጆቻቸውን ስም እየረሱ የወጣትነት ዘፈናቸውን ሊዘፍኑ የሚችሉበትን ምክንያትም ተመራማሪው ከዚሁ ጋር አያይዞታል፤ ክፍሉ በበሽታው ዘግይተው ከሚጎዱት አንዱ ነውና።

ጥበቦችን ማጣመር ለእኛ አገር አዲስ ነገር እንዳልሆነ እዚህ ላይ መናገር ያስፈልጋል። አዝማሪ መሰንቆውን ይመታል፣ ይዘፍናል፣ ታዳሚው «ተቀበል!» እያለ የሚወረውርለትን ስንኝ በቅጽበት ይቀበላል፣ ራሱም ግጥም ይፈጥራል፣ የሰውን አኳኋን እያየ ይተውናል፤ ማንም ግን «ባለ ብዙ ዘርፍ ባለሙያ» ብሎ አልጠራውም። ልዩነቱ ያለው ከማጣመሩ ይልቅ ከሚነሣው ጥያቄ ነው። አዝማሪው ማን እንደሆነ ታዳሚውም እሱም ያውቃሉ። የዛሬዋ ከያኒት ግን መድረክ ላይ የምትወጣው «እኔ የማን ነኝ? የማስታውሰውስ የራሴን ነው ወይስ የወላጆቼን?» የሚለው ጥያቄ መልስ ስላላገኘላት ነው።

ለዚህ ነገር ከሁሉ የተሻለች ምሳሌ መክሊት ሀደሮ ትመስለኛለች። እ.ኤ.አ. በ1980 አዲስ አበባ ተወለደች፤ ገና ሕፃን ሳለች ቤተሰቧ በስደት አገር ለቆ ወጣ፤ እርሷም አሜሪካ ውስጥ በአይዋ፣ በኒው ዮርክና በፍሎሪዳ አደገች። ዬል ዩኒቨርሲቲ የተማረችው የፖለቲካ ሳይንስ ሲሆን፣ ሙዚቃን ሙያዋ ያደረገችው ከዚያ በኋላ ሳን ፍራንሲስኮ ገብታ በሠፈር ደረጃ ከሚንቀሳቀሱ የጥበብ ቤቶች ጋር መሥራት ስትጀምር ነው። ዘፋኝና የዜማ ደራሲ ናት፤ ታሪክ በሬዲዮና በፖድካስት ታቀርባለች፤ የመድረክ ዝግጅት ታሰናዳለች፤ በዚያችው ከተማ በየርባ ብዌና የጥበባት ማዕከል የዝግጅቶች ኃላፊ ሆናም ሠርታለች። እንዲህ ስንዘረዝረው የሥራ ማመልከቻ ይመስላል። ዋናው ነገር ግን ሁሉም ከአንድ ጉድለት የሚነሡ መሆናቸው ነው። ሁለት ዓመት ሳይሞላው ከአገር የወጣ ልጅ ስለ አገሩ ሊያስታውሰው የሚችለው ነገር የለም፤ ትዝ የሚለው ግን ብዙ ነው።

አባባሉ እርስ በርሱ የሚጣረስ ቢመስልም በጥናት የታወቀ ነገር ነው። የሥነ ጽሑፍ ምሁሯ ማሪያን ኸርሽ ከናዚ እልቂት የተረፉ አይሁዶችን ልጆች ስታጠና፣ እነዚህ ልጆች ራሳቸው ያልኖሩትን ዘመን እንደ ራሳቸው ትዝታ ተሸክመውት እንደሚኖሩ አስተውላ በ1990ዎቹ መጀመሪያ ለዚህ ስም አወጣችለት። በአማርኛ «የወረሱት ትዝታ» ብንለው ይገልጸዋል። ልጁ ይህን ውርስ የሚያገኘው ከፎቶግራፍ፣ በግማሽ ከተነገረ ታሪክ፣ ከእናቱ ድንገተኛ ዝምታና በቤት ውስጥ ከሚደጋገም ዘፈን ነው። ውርሱ ግን ቀዳዳ የበዛበት ነው፤ ቀዳዳውን የሚሞላው ወራሹ ራሱ በምናቡ ነው። የከያኒው ሥራ የሚጀምረው እዚህ ላይ ነው፤ የጠፋውን ፈልጎ ከማግኘት ይልቅ በጠፋው ቦታ የሚቆም ነገር መሥራት ይሆናል።

ለአንድ ኢትዮጵያዊ ሙዚቀኛ የመጀመሪያው መሣሪያ ቅኝት ነው። ብዙ አድማጭ ትዝታን የዘፈን ዓይነት ብቻ አድርጎ ያውቀዋል። ትዝታ ግን ከባቲ፣ ከአምባሰልና ከአንቺሆዬ ጋር ከአራቱ ታላላቅ ቅኝቶች አንዱ ነው፤ ማለትም ገና ግጥም ሳይገባ፣ ክራሩ ሲቃኝ ጀምሮ ያለ የድምፅ አሰላለፍ ነው። ከ«ዶ» ብንነሣ ትዝታ ሜጀር ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶልና ላ የሚባሉት አምስት ድምፆች ብቻ ናቸው። ከእነዚህ ውስጥ ሚ እና ላ በግማሽ ድምፅ ዝቅ ሲሉ ትዝታ ማይነር ይሆናል። ለውጡ የሁለት ክር ጉዳይ ነው፤ ክራሪስቱ ሁለት ቦታ ላይ ትንሽ ላላ ያደርጋል፣ ከዚያ በኋላ ቤቱ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ድምፁን ዝቅ ያደርጋል።

በአንድ ቃል ትውስታንም፣ ቅኝቱንም፣ በቅኝቱ የሚዘፈነውንም ዘፈን የሚጠራ ሌላ ቋንቋ መኖሩን እጠራጠራለሁ። በትዝታ ዘፈኖች ውስጥ ሌላም የሚያስገርም ልማድ አለ፦ ዘፋኙ ትዝታን ራሱን «አንተ» ወይም «አንቺ» እያለ ፊት ለፊት ያናግረዋል፤ ይወቅሰዋል፣ ደግሞ ይለምነዋል። ትዝታ በራሱ እግር የሚመጣ እንግዳ ነውና። በ«ትዝ አለኝ» ሰዋስው ውስጥ ያየነው ነገር እዚህ ዜማ ሆኗል። ውጭ አገር ያደገች ዘፋኝ በዚህ ቅኝት ስትዘፍን፣ ግጥሟ እንግሊዝኛ ቢሆን እንኳ፣ ያልኖረችበት ቤት ውስጥ በዘመድ እጅ ተይዛ እንደ መግባት ነው።

ሁለተኛው መሣሪያ ንግግር ነው። መክሊት እ.ኤ.አ. በ2015 አጫጭር ንግግሮች በሚቀርቡበት በቴድ መድረክ ባቀረበችው ንግግር፣ ሙዚቃን የሚቀርጹት በየቀኑ የምንሰማቸው ድምፆች መሆናቸውን በምሳሌ አሳይታለች፤ የወፍ ዜማን፣ የማእድ ቤት ዕቃን፣ ከዚያም አማርኛን እያነሣች። ካነሣቻቸው ቃላት አንዱ «እንዴ!» ነው። ቃሉን ማንም አማርኛ ተናጋሪ መዝገበ ቃላት ሳይገልጥ በአሥር ዓይነት ይለዋል፦ ለመገረም ድምፁ ወደ ላይ ይወጣል፤ ለመቆጣት አጥሮ ይቆረጣል፤ «እንዴ እንዴ እንዴ» ተብሎ ሲደጋገም ደግሞ ራሱን የቻለ ምት ይሆናል። ሁለት ሴቶች ቁጭ ብለው ሲያወሩ ከግድግዳው ማዶ ያለ ሰው ቃላቱ ባይለዩለትም የወሬውን ዓይነት ያውቀዋል፤ የሐሜት ዜማና የልቅሶ ዜማ ለየቅል ናቸውና። ሙዚቀኛዋ ያደረገችው ይህን ዜማ ከንግግሩ ነጥላ መሣሪያ እንዲያጅበው ማድረግ ነው። ለተመልካች ቀላል ጨዋታ ይመስላል። ነገር ግን ቋንቋው በማይነገርበት አገር እየሰማችው ላደገች ሴት የቃሉ ትርጉም ሳይደርስ ዜማው ቀድሞ የደረሰ ነገር ነው፤ ብዙ የዳያስፖራ ልጆችም የእናታቸውን ቁጣ ከትርጉሙ በፊት በዜማው ያወቁ ናቸው።

ስለ ማንነት ብዙ ከመጻፍ ይልቅ አንድ ዘፈን ቀረብ ብሎ ማየት ይሻላል። «ከመከም» ጎፈሬው አምሮ የተከረከመን ወዳጅ የሚያሞግስ ነባር ዘፈን ነው፤ መክሊት እ.ኤ.አ. በ2014 በወጣው አልበሟ እንደ አዲስ ሠርታ አቅርባዋለች። እዚህ አገር ጎፈሬ የራሱ ታሪክ አለው፤ በወረራው ዘመን ፎቶግራፎች ብዙ አርበኞች ጸጉራቸውን አሳድገው ይታያሉ፤ ስለዚህ ጎፈሬን ማሞገስ ቁንጅናን ከጀግንነት ጋር አዋሕዶ ማሞገስ ነው። ዘፈኑ አሜሪካ ሲደርስ ግን ያው ጸጉር ሌላ ስም አለው። «አፍሮ» በ1960ዎቹ ጥቁር አሜሪካውያን በተፈጥሮ መልካችን አናፍርም ብለው ያነሡት ምልክት ነበር። አንድም ቃል ሳይለወጥ አንድ የፍቅር ዘፈን በውቅያኖስ ማዶ የሁለት ሕዝብ ታሪክ ተሸካሚ ሆነ። የኢትዮጵያዊ ስደተኛ ልጅና የጥቁር አሜሪካዊ ጎረቤቱ ዝምድና ብዙ ጊዜ የሚወራው በአካዳሚ ቋንቋ ነው፤ እዚህ ግን በማበጠሪያና በመቀስ ተነግሯል። ምርጥ የሆነ የክዋኔ ሥራ እንዲህ ዓይነት ነው፤ ዕቃው በእጅ የሚነካ ነው።

ከፊሉ ትዝታ ትከሻ ውስጥ ነው ብዬ ነበር። እስክስታን ያየ ሰው ሁሉ የሚያውቀው፣ የጻፈው ግን ጥቂት ሰው የሆነ ነገር አለ፦ ትከሻ በቃል አይማርም። ልጅ በሠርግ ላይ ከአዋቂዎች መሐል ቆሞ እያየ፣ አንዷ አክስት «እስቲ አንተ!» ብላ ወደ መሐል እየገፋችው ይማራል። ሠርጉና አክስቲቱ በሌሉበትስ? ይህ ጥያቄ ከሁሉ ይልቅ ጎልቶ የታየው በእስራኤል ነው። እ.ኤ.አ. በግንቦት 1991 በዘመቻ ሰለሞን ወደ 14,000 የሚጠጉ ቤተ እስራኤላውያን በ36 ሰዓት ገደማ በአውሮፕላን ተጓጓዙ፤ ከእነርሱ በፊትም ብዙዎች በእግር በሱዳን በኩል ሄደው ነበር። ንብረት ቀርቶ መቃብር ኋላ ቀረ፤ ትከሻ ግን አብሮ ሄደ። የውዝዋዜ ተመራማሪዋ ሩት ኤሼል በ1995 በሐይፋ ዩኒቨርሲቲ ከኢትዮጵያውያን ተማሪዎች ጋር «እስክስታ» የተባለውን ቡድን አቋቋመች፤ ኋላም «ቤታ» የተባለው የሙያ ቡድን ተመሠረተ።

ከቡድኑ ወጣቶች አንዷ የነበረችው ደጌ ፈደር ኢትዮጵያ የተወለደች ሲሆን ከጊዜ በኋላ የ«ቤታ» ጥበባዊ መሪ ሆናለች፤ ውዝዋዜ ታቀናብራለች፣ ትዘፍናለች፣ ሥዕልም ትሥላለች። በእነዚህ ሥራዎች እስክስታው እንደ ሠርግ ጭፈራ አይቀርብም። የትከሻው እንቅስቃሴ ተነጥሎ ይዘገያል፣ ይደጋገማል፣ ዝም ባለ መድረክ ላይ ብቻውን ይቀራል፤ ተመልካቹም ሠርግ ላይ ዓይኑን ያልጣለበትን የትንፋሹን ድምፅ ይሰማዋል። አንዳንድ ሽማግሌዎች ይህን አይተው «ጭፈራችንን አበላሹት» ቢሉ አልፈርድባቸውም። ለእነርሱ እስክስታ የደስታ እንጂ የጥያቄ ነገር አልነበረም። ለልጆቻቸው ግን ሰውነታቸው የሚያውቀውን፣ ራሳቸው ግን የማያውቁትን ነገር የሚጠይቁበት መንገድ እርሱ ነው።

ተመሳሳይ ወቀሳ በሙዚቃውም አለ። ከአገር ርቆ የተሠራ ዜማ «የኛ አይደለም» ይባላል፤ ከበሮው ጃዝ ነው፣ አነጋገሯ ፈረንጅኛ ይጫነዋል ይባላል። መክሊት እንደምትናገረው በ2011 አዲስ አበባ ላይ ሥራዋን ካቀረበች በኋላ ሙላቱ አስታጥቄ ወደ ጎን ወስደው የመከሯት ከዚህ ተቃራኒውን ነው፤ ለኢትዮ-ጃዝ የራስሽን ድርሻ ፈልጊ፣ መፍጠርሽንም ቀጥይ የሚል ነበር ምክሩ። ሙላቱ ይህን ማለታቸው አያስገርምም፤ ለንደንና ቦስተን ተምረው ቪብራፎንን ከእኛ ቅኝት ጋር ሲያጋቡ ያኔም የተቃወመ ነበረና። በ2017 የወጣው የመክሊት አልበም ርዕስም በአማርኛ ሲመለስ ሰው ሲንቀሳቀስ ሙዚቃውም አብሮ ይንቀሳቀሳል እንደ ማለት ነው፤ በዚሁ ሐሳብ ላይ ስደተኛ ሙዚቀኞች ራሳቸው ታሪካቸውን የሚናገሩበትን «ሙቭመንት» የተባለ የሬዲዮ፣ የፖድካስትና የመድረክ ዝግጅት ከባልደረቦቿ ጋር መሥርታለች።

በግል ማንነት የተጀመረው ፍተሻ ወደ ጋራ ትዝታ ሲሻገር ምን ዓይነት ችግር እንደሚገጥመው የሚያሳየው የዓባይ ተፋሰስ አገሮችን ሙዚቀኞች ያሰባሰበው የናይል ፕሮጀክት ነው። ሐሳቡን መክሊትና ግብጻዊው የሙዚቃ ባለሙያ ሚና ጊርጊስ የጠነሰሱት በ2011 ሳን ፍራንሲስኮ አካባቢ ነው፤ የአንድ ወንዝ ልጆች አንዱ የሌላውን ሙዚቃ የሚሰሙት አሜሪካ ሲገናኙ ብቻ መሆኑ ገርሟቸው ነበር። የሕዳሴ ግድብ መሠረት የተጣለው በዚያው ዓመት መሆኑን አንባቢ ያስታውሳል። በጥር 2013 ከተፋሰሱ አገሮች የመጡ ሙዚቀኞች አስዋን ላይ ተሰብስበው አብረው መፍጠር ጀመሩ።

ዘመድነታቸውን ለማየት መሣሪያዎቹን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ይበቃል፤ የእኛ ክራር፣ የሱዳን ታንቡራ፣ የግብጽ ሲምሲሚያ ሁሉም አንድ ዓይነት አካል ያላቸው፣ በሁለት ክንድና በአንድ ቀንበር የተወጠሩ የክር መሣሪያዎች ናቸው። ችግሩ የሚመጣው ሲቃኙ ነው። መቃም የተባለው የዐረቡ የዜማ ሥርዓት ከሙሉና ከግማሽ ድምፅ ሌላ በሁለቱ መካከል የሚወድቅ ልዩነትም ይጠቀማል፤ አምስት ድምፅ ያለው ቅኝታችን ግን ለዚያ ቦታ የለውም። አንዱ ለሌላው ቦታ ሳይለቅ ሁለቱ አብረው ሊጫወቱ አይችሉም፤ ወይ አንደኛው ዝም ብሎ ይጠብቃል፣ ወይ ሁለቱም የሚጋሯቸውን ድምፆች ለይተው በእነርሱ ላይ ይገናኛሉ። ስለ ውኃ ድርድር ከተጻፈው ብዙ ገጽ ይልቅ ይህች የልምምድ ክፍል ችግር ነገሩን ቀረብ አድርጋ ታሳየኛለች፤ ሙዚቃ ግድብ አይሞላም፣ ስምምነትም አይፈርምም ብሎ የሚከራከረኝ ቢኖርም አልቃወመውም።

ይህን ዓይነት ሥራ ለማየት ለሚሄድ ሰው አንድ ነገር ማስጠንቀቅ እወዳለሁ፦ ብዙው ደካማ ነው። ከጀርባ ስክሪን ላይ የአያት ፎቶ፣ ትንሽ የዕጣን ጭስ፣ የተቀዳ የሴት ድምፅ፣ መሐል ላይ ነጠላ የለበሰች ተዋናይት በዝግታ ስትራመድ፤ ተመልካቹ ያለቀሰው በሥራው ይሁን በዕጣኑ አይለይም። መለያው ቀላል ነው። ከጥበቦቹ አንዱ ቢወጣ ሥራው ይጎድላል ወይ? «ከመከም» ላይ ዜማውን ብናወጣ ጸጉሩ ብቻውን ያንን ታሪክ አይናገርም፤ ከ«ቤታ» መድረክ ላይ ትንፋሹ ቢታፈን ትከሻው ጌጥ ብቻ ይሆናል። ዕጣኑ ቢጠፋ ምንም የማይጎድልበት ዝግጅት ግን ትዝታን አልፈተሸም፣ አስጊጦታል።

መድረክና ስክሪን የግድ አስፈላጊ እንዳልሆኑም ማስረጃ አለ። የዋልያስ ባንድ መሪ የነበሩት ኃይሉ መርጊያ በ1980ዎቹ መጀመሪያ ከባንዱ ጋር ለዝግጅት አሜሪካ ሄደው ዋሽንግተን ቀሩ። በ1985 አኮርዲዮን፣ ኤሌክትሪክ ፒያኖ፣ ሲንተሳይዘርና የከበሮ ማሽን ይዘው ስቱዲዮ ገቡና የልጅነታቸውን የአኮርዲዮን ዜማ ባንድ ሳይኖር ብቻቸውን ቀዱት። ካሴቱ ኢትዮጵያ ውስጥ ተሰማ፣ ከዚያ ተረሳ፤ አንድ አሜሪካዊ ካሴት ሰብሳቢ ባሕር ዳር ላይ አግኝቶት በ2013 እንደገና እስኪታተም ድረስ እርሳቸው ታክሲ ሲነዱ ኖረዋል። በእነዚያ ዓመታት ኪቦርዳቸው ከመኪናው የኋላ ዕቃ መጫኛ አይለይም ነበር። በዋሽንግተኑ ደለስ አውሮፕላን ማረፊያ ተራ ሲጠብቁ አውጥተው ከኋላ ወንበር ላይ ይቀመጡና ይጫወታሉ፤ ተራቸው ሲደርስ ኪቦርዱን ወደ ቦታው መልሰው ተሳፋሪውን ይጭናሉ።